ያን የኢትዮጵያ ንጉሥ ዕወቁልኝ

ሴሲል ቢ. ዴሚል በ1956 ባወጣው «አሥርቱ ትእዛዛት» ውስጥ ብዙዎቻችን አይተነው ያለፍነው አንድ የኢትዮጵያ ንጉሥ አለ (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ሙሴ ገና የግብፅ ልዑልና የጦር አዛዥ ሳለ ነው። ከኢትዮጵያ ዘመቻ ድል አድርጎ ይመለስና በፈርዖን ሴቲ ዙፋን ፊት ንጉሡንና የንጉሡን እህት ጣርቢስን ያቀርባል። ራምሴስ እንዲንበረከኩ ይፈልጋል። ሙሴ ግን በወዳጅነት የመጡ፣ የግብፅን የደቡብ በር የሚጠብቁ አጋሮች መሆናቸውን ተናግሮ አፉን ያስይዘዋል። እህቲቱ ከአገሯ ተራሮች የመጣ አረንጓዴ ድንጋይ ለሙሴ ታበረክታለች። ንጉሡስ? ንጉሡ ቆሟል። ቁመቱ 1 ሜትር ከ93፣ ትከሻው ሰፊ፣ አንገቱ ቀና ያለ። በቃ ቆሟል! ዩል ብሪነር፣ ቻርልተን ሄስተንና አን ባክስተር ባሉበት በዚያ አዳራሽ ዓይናችን እሱ ላይ ተተክሎ ይቀራል።

ማነው ይህ ሰው? ስሙ ዉዲ ስትሮድ ይባላል። ስሙን ካወቅሁ ወዲህ ፊልሞቹን እያደንኩ ከማየት አልቦዘንኩም። ባየሁ ቁጥር የሚገርመኝ ደግሞ ይህን የሚያህል ሰው እንዴት ከዋና ተዋንያን ጀርባ ተሰልፎ፣ ስሙ ሳይነሳ ዕድሜውን እንደፈጀ ነው። ከ1940ዎቹ መጀመሪያ እስከ 1990ዎቹ አጋማሽ በሲኒማና በቴሌቪዥን ሠርቷል። ከስታንሊ ኩብሪክ፣ ከጆን ፎርድ፣ ከሰርጂዮ ሊዮኔ ጋር ሠርቷል። ከእነዚህ ከሦስቱ ባንዱ ፊልም ብቻ ብቅ ያለ ተዋናይ እንኳ ዕድሜ ልኩን ሲያወራው ይኖራል። እሱ የሦስቱንም ደጃፍ ረግጦ፣ በሦስቱም ፊልሞች ውስጥ የማይረሳ ነገር ጥሎ አልፏል።

ያስደነገጠኝን ነገር አስቀድሜ ልናገር። በዚያው በ«አሥርቱ ትእዛዛት» ውስጥ ዉዲ ስትሮድ ሁለት ሰው ሆኖ ነው የሠራው። አንዱ ያ የኢትዮጵያ ንጉሥ ነው። ሁለተኛው ሙሴን ከወንዝ አውጥታ ያሳደገችው የቢትያ ወንበር ተሸካሚ ባሪያ ነው። በአንድ ፊልም፣ በአንድ አካል፣ ንጉሥም ባሪያም! የዚያ ዘመን ሆሊውድ ለጥቁር ተዋናይ ያዘጋጀው ቦታ ከዳር እስከ ዳር ይኸው ነበር፤ ወይ ለሁለት ደቂቃ የሚታይ ጌጠኛ ንጉሥ፣ ወይ ትከሻውን የሚያከራይ አገልጋይ። የስትሮድ ተአምር ደግሞ እዚህ ላይ ይጀምራል። ባሪያውም እንደ ንጉሡ ነው የሚቆመው። ሸክሙ አጎንብስ ሲለው አንገቱ እምቢ ይላል። ከዚያ በኋላ የመጡትን ፊልሞቹን በሙሉ የምታስተሳስረው ክር ይህች ናት።

ያ አቋቋም ከየት መጣ? ከሲኒማ በፊት ከሠራው ሥራ ነው የመጣው፤ እሱ ደግሞ ራሱን የቻለ ሌላ ታሪክ ነው።

ዉዲ ስትሮድ ሐምሌ 25 ቀን 1914 በሎስ አንጀለስ ተወለደ። በደሙ ጥቁርም የአሜሪካ ነባር ሕዝብም አለ። በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሎስ አንጀለስ (ዩሲኤልኤ) ሲማር በአሥሩ የአትሌቲክስ ውድድሮች፣ በዴካትሎን፣ የሚሳተፍ ስፖርተኛ ነበር። ሰውነቱ ሠዓሊ የሚያስቆም ነበር፤ ይህን ስል ደግሞ ለማጋነን አይደለም። ሁበርት ስቶዊትስ የተባለው ሠዓሊ የአሜሪካ ስፖርተኞችን ሲሥል ስትሮድንም ሥሎታል። ሥዕሎቹ በ1936ቱ ኦሊምፒክ ጊዜ በርሊን ላይ ለዕይታ ቀረቡ። ናዚዎቹ ግን ጥቁሮችና አይሁድ ያሉበትን ዐውደ ርእይ አልታገሡም፤ ዘጉት። ገና ተዋናይ ሳይሆን፣ ፊልም ውስጥ አንዲት ቃል ሳይተነፍስ፣ መልኩ ብቻውን አምባገነኖችን አስቆጥቷል ማለት ነው!

በ1939 የዩሲኤልኤ የአሜሪካ እግር ኳስ ቡድን ውስጥ ከኬኒ ዋሽንግተንና ከጃኪ ሮቢንሰን ጋር ተሰልፎ ተጫወተ። ቡድኑ አራት ጊዜ እኩል ከመውጣቱ በቀር ያን ዓመት ማንም አላሸነፈውም። ጃኪ ሮቢንሰንን ዓለም ያውቀዋል። በ1947 በቤዝቦል የቀለምን ግድግዳ ያፈረሰ ጀግና ነው፤ ሐውልት ቆሞለታል፣ ፊልም ተሠርቶለታል። አሁን ይህን ልብ በሉልኝ። ሮቢንሰን ያን ከማድረጉ አንድ ዓመት ቀድሞ፣ በ1946፣ በፕሮፌሽናል እግር ኳሱ ሊግ በኤንኤፍኤል ግድግዳውን ያፈረሱት ሁለቱ የቡድን ጓደኞቹ፣ ኬኒ ዋሽንግተንና ዉዲ ስትሮድ ናቸው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከ1934 ጀምሮ በዚያ ሊግ አንድም ጥቁር ተጫዋች አልተሰለፈም። በወረቀት የተጻፈ ክልከላ አልነበረም፤ ግን ሁሉም ያውቀዋል፣ ሁሉም ያከብረዋል። ራምስ የተባለው ቡድን ከክሊቭላንድ ወደ ሎስ አንጀለስ ሲዛወር የከተማዋን ትልቅ ስታዲየም መጠቀም ፈለገ። ስታዲየሙ የሕዝብ ነበርና የጥቁር ጋዜጠኞች ተነሡ። የሕዝብ ሜዳ ላይ ከሕዝቡ ከፊሉን ማግለል አይቻልም ብለው ሞገቱ፤ ረቱም። ዋሽንግተን ፈረመ፣ ቀጥሎም ስትሮድ። ነገር ግን ጊዜው አልፎበት ነበር። ዕድሜው ወደ 32 ተጠግቷል፤ አንድ የውድድር ዘመን ብቻ፣ ያውም ከተቀያሪ ወንበር ብዙም ሳይነሣ አሳልፎ ተሰናበተ። ወደ ካናዳ ተሻገረና በ1948 ከካልጋሪ ስታምፒደርስ ጋር ግሬይ ካፕ የተባለውን የአገሪቱን ዋንጫ አነሣ። ያን ዓመት ካልጋሪዎች አንድም ጨዋታ አልተሸነፉም።

ነፃ ትግልም ይታገል ነበር። በዚያ ዘመን ቴሌቪዥን አሜሪካ ውስጥ ገና እየተለመደ፣ ትግል ደግሞ የቴሌቪዥን አንደኛ መዝናኛ ነበር፤ ስትሮድ ከታዋቂው ከጎርጀስ ጆርጅ ጋር ሳይቀር ተጋጥሟል። ትግል ለተዋናይ ትምህርት ቤት ነው። ሺህ ሰው በሚጮህበት አዳራሽ ውስጥ ሳትናገር በትከሻህ፣ በአካሄድህና በዓይንህ ብቻ ማን መሆንህን እስከ መጨረሻው ረድፍ ማሳወቅ አለብህ። ስትሮድ በኋላ ካሜራ ፊት የሠራው ይህንኑ ነው።

የመጀመሪያዎቹን ሚናዎቹን በአጭሩ ላልፋቸው፤ ሆሊውድም በአጭሩ ነው ያለፈው። በ1941 «ሰንዳውን» ውስጥ ምሥራቅ አፍሪካ ያለ ፖሊስ ሆነ። በ1950ዎቹ በ«ራማር ኦፍ ዘ ጀንግል» የቴሌቪዥን ተከታታይ ውስጥ ጦር ይዞ ታየ። ራሱን የተላጨውም በዚያ ሰሞን ነው፤ ያ የተላጨ ራስ በኋላ መታወቂያው ሆነ። በ1952 ደግሞ «አንድሮክለስና አንበሳው» ሲሠራ አንበሳው እሱ ነበር። የአንበሳ ቆዳ ለብሶ! ፊቱ አይታይም፣ ድምፁ አይሰማም፤ ሆኖም እሾህ ወግቶት የሚያነክሰው፣ ኋላም ከወዳጁ ጋር የሚደንሰው እንስሳ ውስጥ ያለው እሱ ነው። በ1959 የኮሪያን ጦርነት በሚተርከው «ፖርክ ቾፕ ሂል» ለመዋጋት እምቢ የሚል ወታደር ሆኖ ሲመጣ ግን ነገሩ ተለወጠ። እዚያ ፈርቶም ተቆጥቶም ታዩታላችሁ። ይህ ሰው ሲጠብቅ ኖሯል።

እና 1960 መጣ። በአንድ ዓመት ሁለት ፊልም፣ ሁለቱም እጅን በአፍ የሚያስጭኑ።

አንደኛው የኩብሪክ «ስፓርታከስ» ነው። ስትሮድ ድራባን ሆኖ ይሠራል፤ ድራባ ደግሞ ኢትዮጵያዊ ግላዲያተር ነው። ለሁለተኛ ጊዜ ኢትዮጵያዊ! ስፓርታከስ የግላዲያተር ትምህርት ቤት እንደገባ ወዳጅ ፍለጋ ድራባን ስሙን ይጠይቀዋል። ድራባ አይነግረውም። እዚህ ቤት ወዳጅነት የለም፤ ነገ ሜዳው ላይ አንተን ልገድል እችላለሁ ይለዋል። ንግግሩ አጭር ነው። ስትሮድ ግን ጨካኝ ሆኖ አይናገረውም፤ ብዙ ወዳጅ ቀብሮ የሰለቸ ሰው ሆኖ ነው የሚናገረው።

ከዚያ የሮም ባለ ጸጎች ይመጣሉ። ለመዝናናት ሁለት ጥንዶች እስከ ሞት እንዲፋለሙላቸው ያዝዛሉ፤ ሴቶቹ ልክ ገበያ ላይ ዕቃ እንደሚመርጥ ሰው ተፋላሚዎቹን ይመርጣሉ። ድራባና ስፓርታከስ ይመረጣሉ። የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ ሲፋለሙ እነሱ በጠባብ የእንጨት ክፍል ውስጥ ፊት ለፊት ተቀምጠው ተራቸውን ይጠብቃሉ። ይህችን ትዕይንት ደጋግሜ አይቻታለሁ፤ እናንተም ደጋግማችሁ እዩልኝ። ቃል የለም። ከውጭ የብረት ድምፅ ይሰማል፤ በጣውላው ስንጥቅ የሜዳው ብርሃን ይገባል። ስፓርታከስን የሚጫወተው የኪርክ ዳግላስ ዓይን ይንከራተታል። ስትሮድ ግን አይንቀሳቀስም። አንዴ ብቻ ፈገግ ይላል፤ ያ ፈገግታ ስላቅ ነው፣ ኀዘን ነው፣ ስንብት ነው፣ አንዱን ከሌላው መለየት አይቻልም። የፊልሙ ዋና ተዋናይ፣ እኛ «አክተሩ» የምንለው ሰው፣ ፊት ለፊቱ ተቀምጦ ሳለ ትዕይንቱን ጠቅልሎ ይወስደዋል።

ፍልሚያው ይጀመራል። ድራባ መረብና ባለ ሦስት ሹል ጦር ይዟል፤ ስፓርታከስ አጭር ሰይፍ። ሰገነት ላይ ሴቶቹ በጉጉት ይመለከታሉ፤ ክራሰስ የተባለው የሮም ሹም ግን ጀርባውን ለሜዳው ሰጥቶ ስለ ፖለቲካ ያወጋል። ድራባ ያሸንፋል። ጦሩን ስፓርታከስ አንገት ላይ ያሳርፋል። ግደለው የሚል ምልክት ከላይ ይመጣል። ድራባ ግን ቆመ። ስፓርታከስን አየ፤ ቀና ብሎ ሰገነቱን አየ። በዚያች ቅጽበት የስትሮድ ፊት ላይ የሚሆነውን ስታዩ አንድ ሰው ዕድሜ ልኩን ያመቀውን ቁጣ በምን ሰዓት፣ በማን ላይ ማውጣት እንዳለበት ሲገባው ታያላችሁ። ጦሩን ወደ ሰገነቱ ወረወረ! ተከትሎም እጁን ዘርግቶ ግድግዳውን ወጣ። ጠባቂ ከኋላው ወጋው። እየሞተም የክራሰስን እግር ጨብጧል። ክራሰስን የሚጫወተው ሎረንስ ኦሊቪዬ ጎንበስ ብሎ በጩቤ አንገቱን ሲያርደው ደሙ ፊቱ ላይ ይረጫል።

የድራባ አስከሬን ሌሎቹ ግላዲያተሮች እያዩ እንዲፈሩ ተዘቅዝቆ ይሰቀላል። አልፈሩም፤ ተነሡ። ያ ታላቅ የባሮች ዐመፅ፣ የሦስት ሰዓቱ ፊልም ሙሉ ታሪክ፣ የሚቀጣጠለው ከዚህ ነው። ድራባ ባይኖር ስፓርታከስ ሬሳ ነበር። ስትሮድ በዚህች አጭር ሚና ለጎልደን ግሎብ የምርጥ ረዳት ተዋናይ ሽልማት ታጨ። ኦስካሩን ከዚያው ፊልም ፒተር ኡስቲኖቭ ወሰደ። ኡስቲኖቭ ድንቅ ተዋናይ ነው፤ ሽልማቱ ይገባዋል። ስትሮድን ግን ኦስካር በሕይወት ዘመኑ አንድ ጊዜ እንኳ በዕጩነት አልጠራውም። ይህ ያናድደኛል፤ ማናደድም አለበት።

የዚያው ዓመት ሌላው ፊልም የጆን ፎርድ «ሳጅን ራትሌጅ» ነው። ራትሌጅ የዘጠነኛው ፈረሰኛ ጦር ጥቁር ሳጅን ነው፤ አንዲት ነጭ ልጃገረድን ደፍሮ ገድሏል፣ አባቷንም ገድሏል ተብሎ ይከሰሳል። ጉዳዩ በጦር ፍርድ ቤት ይታያል፤ ታሪኩ በምስክሮች ቃል ወደ ኋላ እየተመለሰ ይገለጣል። ስቱዲዮው ለሚናው ሲድኒ ፖይቲየርን ወይም ሃሪ ቤላፎንቴን ፈልጎ ነበር። ፎርድ እንቢ አለ፤ ስትሮድን አለ። ሆኖም የፊልሙ ስም የገጸ ባሕርይው ስም ሆኖ ሳለ፣ በተዋንያኑ ዝርዝር ላይ የዉዲ ስትሮድ ስም የመጣው በአራተኛ ደረጃ ነው። ርእሱ እሱ፣ ታሪኩ እሱ፣ ስሙ አራተኛ!

ፊልሙን ስታዩ ግን ዝርዝሩን ማን ያስታውሳል? ወታደሮቹ በሌሊት ስለ ጀግና ጥቁር ፈረሰኛ ሲዘምሩ ራትሌጅ ከፍታ ላይ ቆሞ ሰማዩ ከኋላው ነው፤ ፎርድ ካሜራውን ዝቅ አድርጎ ወደ ላይ ያየዋል። ያ ዳይሬክተር ጆን ዌይንን በሚያይበት ዓይን አንድን ጥቁር ሰው ሲያይ ያኔ የመጀመሪያው ነው። ፍርድ ቤቱ ውስጥ ደግሞ ዐቃቤ ሕጉ ካመለጥህ በኋላ ለምን ተመለስህ እያለ ያፋጥጠዋል። ራትሌጅ የተመለሰው ጓዶቹ ወደተደበቀ ጠላት እየገሰገሱ ስለነበር ነው። መልስ ሲሰጥ እስከዚያ ድረስ በወታደር ሥነ ሥርዓት ታስሮ የቆየው ድምፁ ይሰበራል። ጦሩ ቤቴ ነው፣ ነፃነቴ ነው፣ ከድቼው ብሄድ ከንቱ እሆን ነበር፣ እኔ ግን ሰው ነኝ የሚል ንግግር ነው። እንባው ይመጣል፤ ጀርባው ግን አይታጠፍም። ስትሮድ ከዓመታት በኋላ ስለዚህ ፊልም ሲጠየቅ በፈረስ ወንዝ የሚሻገርበትን ትዕይንት በኩራት ያነሣ ነበር፤ ከዚያ በፊት ጥቁር ሰው በሲኒማ እንዲያ በክብር ሲጋልብ ታይቶ አያውቅም ይል ነበር።

ፎርድና ስትሮድ ከዚያ ወዲህ አልተለያዩም። በ1962 «ሊበርቲ ቫላንስን የገደለው ሰው» በሚለው ፊልም ፖምፒን ሆኖ ሠራ፤ የጆን ዌይን የእርሻ አጋዥ ነው። በታሪኩ ውስጥ ፖምፒን ብዙም የሚያናግረው የለም። ነገር ግን አንድ የትምህርት ቤት ትዕይንት አለ። ጄምስ ስቱዋርት ያስተምራል፤ ልጆችና ጎልማሶች ተደባልቀው ተቀምጠዋል። ፖምፒ ይነሣና የአሜሪካን የነፃነት መግለጫ በቃሉ ሊል ይሞክራል። ባርኔጣውን በእጁ ይዟል፤ ከኋላው የሊንከን ምስል ተሰቅሏል። ይጀምራል፤ የሰው ልጆች ሁሉ እኩል ተፈጥረዋል የሚለው ቦታ ላይ ሲደርስ ይጠፋበታል። ዐውቀው ነበር፣ ረሳሁት ይላል። መምህሩ ግድ የለም፣ ብዙ ሰው ያቺን ቦታ ይረሳታል ብሎ ያጽናናዋል።

ይህን ትዕይንት ሌላ ተዋናይ ቢሠራው ሳቅ ወይም ልቅሶ ያደርገው ነበር። ስትሮድ እንደ ዋርካ ቆሞ ነው የሚረሳው። ቃሏ ጠፍታበት ዓይኑን ሲያንከራትት፣ ያንን ግዙፍ ሰውነት ይዞ እንደ ተማሪ ሲያፍር፣ አንዲት አገር የገባችው ቃልና የፈጸመችው ነገር ያላቸው ርቀት በአንድ ሰው ፊት ላይ ይነበባል። ወዲያው ጆን ዌይን ይገባና ሥራ ፈትተህ እዚህ ምን ትሠራለህ ብሎ ይዞት ይወጣል። ትምህርቱ አለቀ። ያውም ይህ የሆነው በአሜሪካ የሲቪል መብት ሕግ ከመጽደቁ ሁለት ዓመት ቀድሞ ነው!

በፊልሙ መግቢያ ላይ ደግሞ ሽበታም ፖምፒ ከአንድ ተራ የሬሳ ሣጥን አጠገብ ብቻውን ተቀምጧል። ጋዜጠኛውም የከተማው ሰውም ሟቹን ረስቶታል። ከሣጥኑ ያልተለየው አንድ ሰው ነው። የፊልሙ ታሪክ በሙሉ ለተረሳ ጀግና የተቀመጠ ኀዘን ከሆነ፣ የኀዘኑ ባለቤት ፖምፒ ነው።

ሆሊውድ ለእሱ የሚሆን ቦታ ሲያጣ የዓለምን ሕዝብ ሁሉ አስመሰለው። ለፎርድ «ቱ ሮድ ቱጌዘር» የኮማንቺ ተዋጊ ሆነ፤ ለ«ሰቨን ዊመን» የሞንጎል ተዋጊ። «ራውሃይድ» በተባለው የቴሌቪዥን ተከታታይ፣ ገና ወጣት ክሊንት ኢስትዉድ በሚሠራበት፣ አንዴ የአውስትራሊያ ነባር ሰው፣ ሌላ ጊዜ ጥቁር ፈረሰኛ ወታደር ሆነ። በ1966 «ዘ ፕሮፌሽናልስ» ውስጥ ከበርት ላንካስተር፣ ከሊ ማርቪንና ከሮበርት ራያን ጋር አራተኛው ሰው ነው። ቀስተኛና ዱካ አንባቢ ሆኖ፣ ድማሚት የታሰረበት ቀስት እያስፈነጠረ ምሽግ ያናጋል። እነዚያ ሦስቱ እየተጨቃጨቁ ሲቀላለዱ እሱ አድማሱን ይቃኛል፤ እኔ ደግሞ እሱን አያለሁ።

ከዚያ ጣሊያን አገኘችው፤ ይህ የሕይወቱ ክፍል ለብቻው መጽሐፍ የሚወጣው ነው። ሰርጂዮ ሊዮኔ በ1968 «ዋንስ አፖን ኤ ታይም ኢን ዘ ዌስት» ፊልሙን የሚከፍተው በሦስት ገዳዮች ነው። በረሓ ውስጥ ባለ አንድ ባዶ ባቡር ጣቢያ ሰው ይጠብቃሉ። ከአሥር ደቂቃ በላይ ምንም አይሆንም ማለት ይቻላል። ሙዚቃ የለም፤ የነፋስ መዘውር ይጮኻል። አንዱ ፊቱ ላይ ከሚያርፍ ዝንብ ጋር ይታገላል። አንዱ ጣቶቹን ያንቋቋል። ስትሮድ ከውኃ ማጠራቀሚያው ሥር ይቆማል።

ጠብ! አንዲት የውኃ ጠብታ የተላጨው ራሱ ላይ ታርፋለች። ቀና ብሎ ያያል። ሌላው ሰው ቦታ ይለውጥ ነበር። እሱ ባርኔጣውን አነሣና ራሱ ላይ ደፋው፤ እዚያው ቆመ። ጠብ... ጠብ... ውኃው ባርኔጣው ላይ ይጠራቀማል። ካሜራው ወደ ፊቱ ይጠጋል፤ ከሽፋሽፍቱ እስከ ጢሙ ፊቱ ስክሪኑን ይሞላል። በመጨረሻ ባቡሩ ሲመጣ ባርኔጣውን በዝግታ ያወርድና የተጠራቀመውን ውኃ ይጠጣዋል። በቃ፤ ይኸው ነው ሚናው። ከጥቂት ደቂቃ በኋላ ቻርልስ ብሮንሰን ይገድለዋል፤ ፊልሙ ያለ እሱ ሁለት ሰዓት ከምናምን ይቀጥላል። ግን ያን ፊልም ያየ ሰው የውኃዋን ጠብታ ይረሳል? በትዕግሥት መጠበቅ፣ ለማንም አለመቸኮል፣ ከሰማይ የወረደውን ተቀብሎ መጠጣት፤ ዉዲ ስትሮድ አንድን ገዳይ ያለ አንዲት ቃል ሙሉ ሰው አድርጎ ሰጠን።

በዚያው በ1968 ቫሌሪዮ ዙርሊኒ የተባለው ጣሊያናዊ ዳይሬክተር ዋናውን ሚና ሰጠው። ፊልሙ በእንግሊዝኛው ገበያ «ብላክ ጂሰስ»፣ ጥቁሩ ኢየሱስ፣ ተብሎ ወጣ። ስትሮድ ሞሪስ ላሉቢ የተባለ የአፍሪካ የነፃነት መሪ ነው፤ ታሪኩ የኮንጎውን ፓትሪስ ሉሙምባን የሚያስታውስ ነው። ይያዛል፣ ይገረፋል፣ ከአንድ ሌባ ጋር ይታሰራል። የስቅለቱን ታሪክ ከልጅነቱ ጀምሮ በሰሙነ ሕማማት የሰማ ሰው ይህ ፊልም የት እንደሚወስደው ወዲያው ይገባዋል። ያ የአትሌት አካል ሲሰቃይ፣ ያ አንገት ግን ገራፊውን ቀና ብሎ ሲያይ፣ ሆሊውድ ለሃያ ዓመት ጦር አሲዞ ከዳር ያቆመው ሰው ምን ያህል ሸክም መሸከም ይችል እንደነበር ታያላችሁ። ልብ ይሰብራል።

ሮም ተቀመጠ፤ ሥራም አላጣም። ከቴረንስ ሂልና ከባድ ስፔንሰር ጋር «ቡት ሂል»ን፣ ከፍራንኮ ኔሮ ጋር በ1976 «ኬኦማ»ን ሠራ። በአገሩ ያጣውን ክብርና ክፍያ በባዕድ አገር አገኘ። ከፎርድ ጋር የነበረው ፍቅር ግን አልተቋረጠም። ሽማግሌው ዳይሬክተር ታሞ በተኛባቸው የመጨረሻ ቀናት፣ በ1973፣ ከአልጋው አጠገብ ከነበሩት አንዱ ስትሮድ ነው።

እርጅናው እንኳ ያምር ነበር። ፍራንሲስ ፎርድ ኮፖላ በ«ኮተን ክለብ» ተጠቀመበት። ማሪዮ ቫን ፒብልስ በ1993 የጥቁር ካውቦዮችን ታሪክ «ፖሲ» ብሎ ሲሠራ ተራኪው ሽማግሌ አደረገው፤ ማን ይተርከው ታዲያ? በመጨረሻም «ዘ ክዊክ ኤንድ ዘ ዴድ» ውስጥ የሬሳ ሣጥን ሠሪ ሆኖ ታየ። ፊልሙ በ1995 ሲወጣ ስትሮድ አልነበረም፤ ታኅሣሥ 31 ቀን 1994 በ80 ዓመቱ አርፎ ነበር። በዚያው በ1995 መጨረሻ ላይ ደግሞ «ቶይ ስቶሪ» የተባለው የአኒሜሽን ፊልም ወጣ። ልጆቻችን ቦርሳቸው ላይ፣ ቲሸርታቸው ላይ ይዘውት የሚዞሩት ያ ካውቦይ አሻንጉሊት ዉዲ፣ ስሙ የተሰጠው ለዉዲ ስትሮድ መታሰቢያ ነው! የዓለም ሕፃናት ሁሉ ስሙን ያውቁታል፤ የማን ስም እንደሆነ ግን የሚነግራቸው ጠፋ።

እንግዲህ እኛ እንንገራቸው። ከየትኛው ፊልም እንደምትጀምሩ ከጠየቃችሁኝ፣ መጀመሪያ «ስፓርታከስ»ን እዩ፤ ሌላው ቢቀር ድራባ እስኪሞት ድረስ። ቀጥሎ «ሊበርቲ ቫላንስ»ን፣ ከዚያ «ሳጅን ራትሌጅ»ን፣ ከዚያ የሊዮኔን መክፈቻ። በተለይ ደግሞ ትወና ለመማር የምትደክሙ ወጣቶች፣ በቲያትር ቤትም ሆነ በፊልም ሠሪዎቻችን ዘንድ ሁለት መስመር ንግግር ተሰጥቷችሁ ቅር ያላችሁ፣ እባካችሁ ይህን ሰው ተመልከቱ። ንግግር ሲነፈገው በአቋቋሙ ተናገረ፤ ደቂቃ ሲነፈገው በተሰጠችው ደቂቃ ውስጥ ማንም እንዳይረሳው አድርጎ ኖረባት። ባሪያ ሁን ሲሉት ባሪያውን አስከበረው፤ ገዳይ ሁን ሲሉት ገዳዩን ሰው አደረገው። ይህ ጥበብ በትምህርት ቤት ማስታወሻ ደብተር አይገኝም፤ በእሱ ፊልሞች ውስጥ ግን በገፍ አለ፣ ያውም በነፃ ማለት ይቻላል። እኔ በበኩሌ ከዚህ በኋላ የዚያን ዘመን ታላላቅ ተዋንያን ቁጠር ብትሉኝ ከብራንዶም ከዌይንም አልጀምርም፤ ከዉዲ ስትሮድ እጀምራለሁ።